ለእናቴ የተረጎምኩት ፊልም

እናቴን ፊልም አሳይቼ ሐሳቧን አስለውጣለሁ የሚል ወንድ ጤነኛ አይደለም። በራሴ ደርሶ አይቼዋለሁ! «ልጅ ለእናቷ ምጥ አስተማረች» ሲባል አልሰማህም እንዳትሉኝ፤ ሰምቻለሁ... ግን ምን ላድርግ? አርባ አንድ ዓመት ሞልቶኝ፣ አየር ማረፊያ ዊልቸር እየገፋሁ በሰላም በምኖርበት፣ እናቴ ከአዲስ አበባ በመጣች በሦስተኛው ሳምንት ሚስት አገኘችልኝ። እዚሁ አሜሪካ፣ ዴንቨር አጠገብ ኦሮራ የሚኖሩት የወይዘሮ አስካለ ልጅ ናት። እናቶቹ በስልክ ጨርሰዋል፤ እሁድ ሽማግሌ ይሄዳል። እኔና ልጅቷ ብቻ አልተያየንም... መተያየት ምን ያደርጋል!

ቅዳሜ እናቴን ዴንቨር ወስጄ ድምፅ አልባ የጃፓን ፊልም አስገባኋት። የፊልሟ ልጅ የምትወደው ሌላ፣ ቤተሰቦቿ የሚድሯት ለሌላ። አንጀት ይበላል! እናቴ እንግሊዝኛ አታውቅም፤ በየመሃሉ የሚወጣውን ጽሑፍ የምተረጉምላት እኔ ነኝ። ከዚህ የተሻለ ዕድል ከየት ይመጣል?

ሙሽራዋ እያለቀሰች ከቤቷ ወጣች። ቀጥሎ ጽሑፍ መጣ፦ «ከሦስት ወር በኋላ»።

«ምን ይላል?» አለች እናቴ።

«‹እናት ሆይ፣ የልጅሽን ነፃነት አክብሪ፤ አለዚያ እግዜር ይጠይቅሻል› ይላል።»

«ይሄ ሁሉ በዚህች ቁራጭ መስመር?»

«እንግሊዝኛ ቁጥብ ነው፣ እማዬ።»

ይኼኔ ከኋላችን ካለው ወንበር አንዲት ሴት በአማርኛ ስታንሾካሹክ ሰማሁ። «እማዬ፣ ‹ሴት ልጅ ማስተርሷን ሳትጨርስ አትዳር› ነው የሚለው።»

እናቴ ዞረች። «አንቺ ልጅ፣ የኔው ሌላ ነው ያለኝ!»

«ምን አለዎት?» አሉ ከልጅቷ ጎን የተቀመጡት ሴትዮ።

እናቴ ጆሮዋ ቆመ። «ይሄን ድምፅ በስልክ አውቀዋለሁ... ወይዘሮ አስካለ?»

«ውይ በሞትኩት! እትዬ ብርቄ?»

የፈሩት ይደርሳል፣ የጠሉት ይወርሳል! ሁለቱ እናቶች በወንበሩ ላይ ተንጠላጥለው ተሳሳሙ። አዳራሹ በሙሉ «እሽሽ!» አለ። ማን ሊሰማ?

«ሁለቱም ውሸታም!» አለች እናቴ፣ እኔንና ልጅቷን በየተራ እያየች። «እንዲህ የሚመሳሰሉ ከየት ይገኛሉ?»

ልጅቷ በሻርፗ አፏን ሸፍና ትንፈቀፈቃለች። ሳቋ ደስ አለኝ... ምን ልዋሻችሁ፣ ለዛሬ የዋሸሁት ይበቃል።

መኪና ማቆሚያው ጋ ልጅቷ ጠጋ አለችኝ። «‹እግዜር ይጠይቅሻል›? የምርህን ነው?»

«ያንቺ ማስተርስስ?»

«ገና አፕላይ አላደረግኩም።»

እሁድ ሽማግሌዎቹ ሄዱ። ሰርጉስ መቼ ሆነ አትሉኝም? ጽሑፉ ያለ አስተርጓሚ እንደሚለው፦ ከሦስት ወር በኋላ።