ለነገ የተዘፈዘፈ አሳማ

እግዜርን የሚፈራ ሰው የአሳማ ሥጋ ሲሠራ አይታችሁ ታውቃላችሁ? አላያችሁማ! ሲያትል ብቅ በሉና ጓደኛዬን ታምራትን ላሳያችሁ፤ ቅዳሴ የማያመልጠው ሰው ነው።

ባለፈው አርብ ከሥራ ስወጣ ኖርዝጌት ያለው ቤቱ ጎራ አልኩ። የእጮኛው አባት ቬትናማዊ፣ እናቷ ቻይናዊት ናቸው፤ በማግስቱ ለመጀመሪያ ጊዜ ቤቱ ምሳ ሊበሉ ይመጣሉ።

"ሶ፣ ዛሬ ሶስ ውስጥ ማሪኔት አድርጌ አሳድረዋለሁ" አለኝ፣ ባለአጥንት የአሳማ ሥጋ ቁራጮቹን፣ ወፋፍራም ፖርክ ቾፖቹን እያሳየኝ።

ዝንጅብልና ነጭ ሽንኩርት ወቀጠ። እኛ ሻይ ውስጥ የምንከተውን ጠጅ ሳር ከትፎ ጨመረ። ለእናትየው ብሎ በሶያ ሶስ አጠቆረው። ለአባትየው ብሎ የአሳ ሶስ ሲገለብጥበትማ መስኮት ከፈትኩ። እንግዲህ አማች ፊት የሚቀርብ ነገር ነው፤ ጨው ቢበዛበት ሚስት ሊያሳጣ ይችላል።

"ሥጋውን ሳትከተው እስቲ ሶሱን ቅመሰው" ብዬ ማንኪያ ሰጠሁት።

እሳት እንደነካው ሁሉ እጁን ሰበሰበ። "ዛሬ እኮ አርብ ነው! አሳ አለበት!"

"አሳማውስ?"

"አሳማውን የምበላው ነገ ነዋ!"

ከዚህ ሰው ጋር ምን ብላችሁ ትከራከራላችሁ? እኔ ግን ሠርጉ አሳሰበኝና ራሴ ቀመስኩለት። ማንኪያው ከአፌ ሳይወጣ ታምራት በሐዘን ያየኝ ጀመር። ፖርክ ቾፖቹን አንድ በአንድ ሶሱ ውስጥ እየዘፈዘፈ ራሱን ነቀነቀ።

"ወይኔ ወንድሜ" አለኝ፣ "አሜሪካ አበላሸችህ!"