ሬሳ ያጣ ድንኳን

ከዚህ በታች ከማወራው ውስጥ አንዲት ቃል ውሸት ብትገኝ ዕድሜዬ ይጠር! የምታውቁኝ ፈገግ እንዳላችሁ ይገባኛል። አንድ ክረምት እንጦጦን በጀርባዬ ገፍቼ ሁለት ክንድ ወደ ሰሜን አስጠጋሁት ብዬ ያወራሁ ሰው ነኝና። እሱ ሌላ ነው። እሱን የነገርኳችሁ በጨዋታ ነው፤ ይሄን ግን በመሐላ።

የኛ ሰው ለደስታ ሰነፍ ነው። ሠርግ ቢጠሩት ካርዱን እያገላበጠ «የወንድ ወገን ነው የሴት የጠራኝ?» ይላል። ስብሰባ ቢጠሩትማ ድንገት ወገቡን ያመዋል። ለቅሶ ሲሆን ግን ጠሪ አይፈልግም፤ የታመመው ይነሣል፣ የተኳረፈው ይመጣል፣ ጫማ የጠበበው በነጠላ ጫማ ይደርሳል። ጉርብትናችንን አሟልቶ የሚያየው ሟቹ ብቻ ነው እላለሁ አንዳንዴ። እሱ ደግሞ አይመሰክር።

ሰፈራችን ከሲግናል በላይ፣ አስፋልቱ ደክሞት ኮብልስቶን፣ ኮብልስቶኑም ደክሞት አፈር በሚሆንበት በየካ ዳገት ላይ ናት። ዳገቱ ከመቆሙ የተነሣ ከላይኛው ቤት ያመለጠ ድንች እኔ ደጃፍ ሲደርስ ተልጦ ነው። ሰዉ ግን እየሳሳ ሄደ። ግማሹ መንገድ ሲሰፋ ተነሣ፣ ግማሹ ኮንዶሚኒየም ደርሶት ገባ፣ ግማሹን ልጆቹ ወሰዱት። (ሦስት ግማሽ ሆነብን አትበሉኝ፤ ሰፈራችን ትልቅ ነበረች።)

የቀረችን እድራችን ነበረች። ዳኛዋ ሃጂ ሙዘሚል ናቸው፤ ክርስቲያኑም ሙስሊሙም «ቀብሩን ሃጂ ካላስተባበሩት ሟቹ ይቀየማል» የሚላቸው ሰው። ሰዉ ከተበተነ ወዲህ እድሯ እንዴት እንደምትቀጥል እንምከር ብለው ለአባላቱ በስልክ መልእክት ላኩ። ከሁሉም «እሺ ሃጂ» የሚል መልስ መጣ። በቀጠሮው ቀን የተገኘነው እኔ፣ ሃጂና የሃጂ ወንበር ነን። ደግመው ጠሩ፤ ያኔ ወንበሩም አልመጣም፣ ሰው ተውሶት ነበር። ደንባችን ደግሞ ጨካኝ ነው፤ በሦስተኛው ጥሪ ምልአተ ጉባኤ ካልሞላ እድሩ ይፈርሳል፣ ድንኳኑም ለጎረቤት እድር ይሰጣል።

በሦስተኛው ስብሰባ ዋዜማ እኔ ሃጂ ቤት ተቀምጬ ሳለሁ እትዬ ወለቴ ከዘራቸውን እያንኳኩ ገቡ። እትዬ ወለቴ የዝዋይ ሐይቅ ደሴት ልጅ ናቸው። ቋንቋቸው ዛይኛ ነው፤ ተናጋሪዎቿ እየተመናመኑ ያሉ ትንሽ ቋንቋ። በኛ ዳገት ዛይኛ የሚያውቁት እሳቸውና የአገራቸው ልጅ እትዬ አየለች ብቻ ነበሩ። እትዬ አየለችን ልጃቸው መሪ ሰፈር ኮንዶሚኒየም፣ አራተኛ ፎቅ ላይ አወጣቸው። የአንዷ ጉልበት ደረጃ አይችል፣ የሌላዋ ጉልበት ዳገት አይችል። በስልክ እንዳያወሩ የሁለቱም ጆሮ ከብዷል። የሚገናኙት ሰው ሲሞት ነው፤ ለለቅሶ ሲሆን ደግፎ የሚያመጣቸው አይጠፋማ።

«ሃጂ፣» አሉ እንደቆሙ፣ «ነገ እድሩ ከፈረሰ እኔ ከማን ጋር ላውራ?»

«ከኔ ጋር ያውሩ እንጂ እትዬ ወለቴ! እኔ ምን አጠፋሁ?»

«ከእርስዎ ጋርማ በአማርኛ ነው። በአማርኛ እኔ ጨዋ ሴት ነኝ። መቀለድ የምችለው በዛይኛ ነው። አሁንስ ከዶሮዬ ጋር ማውራት ጀምሬያለሁ። ቃል እየጠፋኝ ነው ሃጂ። ስሳሳት የሚያርመኝ የለም።»

ሃጂ ጢማቸውን ይዘው ቀሩ። ጢም መያዝ ደግሞ ምልአተ ጉባኤ አይሞላም።

በማግሥቱ፣ እሑድ ጠዋት፣ የጎረቤት እድር ሰዎች «ድንኳኑ ያልተቀደደ መሆኑን በዓይናችን እንይ» አሉ። ተገቢ ጥያቄ ነው። ሃጂ ከባሕር ዛፉ ሥር ባለችው ሜዳ ላይ አስተከሉት። እትዬ ወለቴም መርፌና ክር ይዘው ገብተው አንዱን ቅድ ይጠቅሙ ጀመር። እንግዲህ ልብ በሉ፤ የካ ዳገት ላይ የተተከለ ድንኳን እስከ ታች ድረስ ይታያል። በሚኒባስ የሚያልፍ አንድ የድሮ የሰፈር ሰው ቀና ብሎ አየና ስልኩን አወጣ። «ሰፈር ድንኳን ተተክሏል» አለ። ሌላ ምን ማብራሪያ ያስፈልጋል?

መጡ! ነጠላቸውን አዘቅዝቀው፣ ንፍሮ ተሸክመው፣ እትዬ አየለችን ደግፈው፣ ከመሪም ከየትም በታክሲ ተጭነው፣ ከታችኛው መታጠፊያ ጀምሮ እያለቀሱ መጡ። «ማን ሞተ?» ብሎ መጠየቅ ደግሞ በኛ ዘንድ ነውር ነው። መጀመሪያ ይለቀሳል፤ ዕንባው በረድ ሲል ከጎን ያለ ሰው ቀስ ብሎ ይጠየቃል። ሃጂ ያን ሁሉ አልቃሽ ሲያዩ እውነትም ሰው ሞቶ እሳቸው ሳይሰሙ የቀሩ መሰላቸው። የእድር ዳኛ ለቅሶ አልሰማሁም ይላል? አለቀሱ። እትዬ ወለቴም መርፌያቸውን ጣሉና አለቀሱ። ድንኳኑን ሊረከቡ የመጡት ሰዎች ሳይቀሩ አብረው ተነፋረቁ።

እኔ እንቅልፍ ጥሎኝ አርፍጄ ነው የደረስኩት። ለቅሶውን ስሰማ ጋቢዬን እስከ ዓይኔ ተከናንቤ ገባሁ፤ እንደ ወጉ አቀርቅሬ፣ እንደ ወጉ አነባሁ። ትንሽ ቆይቼ አጠገቤ ወደተቀመጠው ሹፌር፣ መሪ ወደገባው የድሮ ጎረቤቴ፣ ጠጋ አልኩ።

«ማን ነው ልጄ?»

«ጋሽ ዘለቀ ናቸው አሉ።»

«ወይኔ!» ብዬ ደረቴን መታሁ። ስሙ የኔ መሆኑ ትዝ ያለኝ ከመታሁ በኋላ ነው። ለካ ሰዉ ሁሉ ሽማግሌዎቹን በዓይኑ ሲፈትሽ የጎደልኩት እኔ ብቻ ነበርኩ።

«በምን ሞቱ?» አልኩ፤ ለማወቅ መብት ያለኝ ይመስለኛል።

«በምን ይሆናል? አንዱን ውሸት ሲያወሩ ትን ብሏቸው ነዋ!» አለና እውነተኛ ዕንባ አወረደ። «ግን ይናፍቁኛል። መሪ ያለው ጎረቤቴ የሚያወራኝ እውነት ብቻ ነው። ውሃ ሄደች፣ መብራት ጠፋ፣ በቃ።»

ከዚህ በላይ መታገሥ አልቻልኩም፤ ጋቢዬን ገለጥኩ። ሴቶቹ አማተቡ፣ ሃጂ «ቢስሚላሂ!» አሉ፣ ሹፌሩ በንፍሮ ሰሃን ራሱን ሸፈነ። ከዚያ ቁጣው መጣ።

«ሃጂ፣ ያለ ሬሳ ድንኳን? ሟርት ነው ይሄ!»

«ከመሪ ድረስ ቀለዳችሁብን!»

ሁሉም ነጠላውን እያራገፈ ተነሣ። ሃጂ «ስብሰባ ስጠራችሁ…» ብለው ጀመሩ፤ የሰማቸው የለም። እትዬ ወለቴ የእትዬ አየለችን እጅ እንደያዙ በሩን በሩን ያያሉ።

በዚያው ቅጽበት ዝናቡ ወረደ። ከእንጦጦ በኩል የመጣ፣ አንዱ ጠብታ ጣሳ የሚሞላ ዝናብ! ማን ይውጣ? ሰዉ ተመልሶ ቁጭ አለ። ንፍሮው ቀረበ። ንፍሮ አፍ ሲሞላ ቁጣ መውጫ ያጣል። አንዱ ስለ ልጁ ጠየቀ፣ አንዷ ስለ ድሮው አጥሯ አነሣች፤ ከጥግ ደግሞ ሁለት አሮጊቶች በዛይኛ ሲጨቃጨቁ ተሰማ።

«ምን እየተባባላችሁ ነው?» አልኩ።

«የአንድ ዓሣ ስም ረስታ ተሳስተሻል ትለኛለች!» አሉ እትዬ ወለቴ፣ ፊታቸው በርቶ። «የቀረው ስድብ ነው፤ ለእርስዎ አይተረጎምም።»

ቋንቋ ሞቷል የሚባለው የሚጣላበት ሁለተኛ ሰው ሲታጣ ነው፤ ይህን ያን ቀን አወቅሁ።

ሃጂ ዙሪያቸውን ቃኙ። «ምልአተ ጉባኤው ሞልቷል» አሉና እንዲህ በየወሩ እንገናኝ ወይ ብለው ጠየቁ። ሹፌሩ ተነሣ። «እንገናኝ፤ ግን ያለ ሟች ድንኳን አይተከልም!»

«ሟችማ አለን» አሉ ሃጂ። «ጋሽ ዘለቀ በጉባኤው ፊት ተለቅሶላቸዋል። የተለቀሰለት ሰው ሟች ነው። በየወሩ እናስባቸዋለን።»

በድምፅ ብልጫ ሞትኩ። የተቃወምኩት እኔ ብቻ ነኝ፤ ሟች ድምፅ የለውም ተባልኩ።

ይኸው ከዚያ ወዲህ በየወሩ ድንኳኑ ይተከላል፤ እኔም መሐል ተቀምጬ እታሰባለሁ። የእትዬ አየለች ምራትም ጥጉ ጋ መቀመጥ ጀምራለች። ከዛይኛው እስካሁን የያዘችው ስድቡን ብቻ ነው። ምን አለበት፣ ከዚያ ይጀመራል።

መሐላዬን አልረሳሁም፤ አንዲት ትንሽ ነገር ጨምሬያለሁ። ዝናቡን። ያን እሑድ ሰማዩ ከእንጦጦ እስከ መሪ ጥርት ያለ ነበር። ሰዉ ተቆጥቶ ከተነሣ በኋላ፣ የከለከለው ነገር ሳይኖር፣ ደጁም ፀሐይ ሆኖ፣ እንዲሁ ተመልሶ ቁጭ አለ።

እሱን ብነግራችሁ ማን ያምነኛል?