የሚስተር ፔልተን የመጀመሪያ ምዕራፍ

ታላቅ ሰው ሲያልፍ ቆብ ማንሳት ወግ ነው፤ ቆብ የሌለው ደግሞ ብዕር ያነሳል። እኔ ቆብ ስለሌለኝ በኒውዮርክ ከተማ፣ ስሙን ልጠራው በማልደፍረው አሳታሚ ቤት፣ የአሜሪካንን ልቦለድ ሠላሳ ዓመት ሙሉ ከትርፍ ቃል ስላጸዱት ክቡር አርታኢያችን፣ ስለ ሚስተር ሆራስ ፔልተን እጽፋለሁ። እኔ ፊደል አራሚ ነበርኩ። ጠረጴዛዬ ከጠረጴዛቸው ፊት ለፊት ነበር።

የሚስተር ፔልተን ጥበብ አንዲት ብቻ ነበረች። የመጣ ልቦለድ ሁሉ የመጀመሪያ ምዕራፉ ይወጣል፤ በቃ።

«አንባቢ እንግዳ ነው» ይሉ ነበር። «እንግዳን በር ላይ ገትረህ ስለ ቤቱ መሠረት ታወራለታለህ እንዴ? አስገብተህ አብላው እንጂ!»

ደራሲው ምዕራፉን ታቅፎ ይገባል፣ ዓይኑን እየጠረገ ይወጣል። አንድ የወንጀል ልቦለድ ሟቹ ምዕራፍ አንድ ላይ ስለነበር ያለ ሟች ታተመ። ሃያሲዎቹም «ምስጢሩ እንዴት ይረቃል!» ብለው ሸለሙት። ከዚያ ወዲያ ሚስተር ፔልተንን ማን ይቻላቸው!

የልባቸው ምኞት ግን ራሳቸው ደራሲ መባል ነበር። የገዛ ሕይወታቸውን ልቦለድ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ጻፉ። ባለቤታቸው ዊኒፍሬድም አሥራ ዘጠኝ በጋ ባሕር የሚባል ሳታይ በታይፕ መታችላቸው፤ ሃያ አራት ምዕራፍ። አለቃችን ሚስስ ላዛር «ስድሳኛ ዓመትህን ስታከብር አሳትምልሃለሁ» ብላ ቃል ገባች። ሰውየው በደስታ ደረጃውን እንደ ጎረምሳ ዘለሉት። ከዚያ ተቀመጡና ቀዩን እርሳስ አነሱ።

«ኧረ ሚስተር ፔልተን! የራስዎንም?» አልኩ።

«ለራሴ ካደላሁ ነገ በምን ፊቴ የሰው ምዕራፍ እቆርጣለሁ?»

አይዋ ግዛት ገጠር ውስጥ፣ አሳማ እርባታው አጠገብ መወለዳቸውን የሚተርከውን ምዕራፍ «አያስፈልግም» ብለው ፈርመው ቅርጫት ውስጥ ጣሉት። ባለታሪኩ ሳይወለድ ቀረ፤ ልቦለዱ ግን ቀለል አለ። ነገሩ እዚህ ላይ ቢቆም መልካም ነበር። በማግስቱ ረቂቁን ሲያነሱ ግን ክው አሉ። መጽሐፉ አሁንም የመጀመሪያ ምዕራፍ አለው!

ዊኒፍሬድ የምሳ ሳንድዊች ይዛ የገባችው ይኼኔ ነው።

«ሆራስ፣ ምዕራፍ ሁለት እኮ እኔ ነኝ! አውቶቡስ ማቆሚያው፣ ዝናቡ፣ ቢጫ ጃንጥላዬ!»

«ነበርሽ። አሁን ምዕራፍ አንድ ሆነሻል።»

«እና ልታወጣኝ ነው?»

«የኔ ፍቅር፣ ሕግ ሕግ ነው።»

«እሺ፣ እኔን ካላገኘኸኝ ምዕራፍ ሦስት ላይ ያሉት ልጆች የማን ናቸው?»

«እሱንም አስቤበታለሁ» አሉ ረጋ ብለው። «ነገ ይወጣሉ።»

ዊኒፍሬድ የተጣሉትን ወረቀቶች ከቅርጫቱ አንስታ፣ አቃንታ፣ በሳንድዊቹ ከረጢት ይዛ ሄደች። ከዚያ ቀን ጀምሮ ምሳቸውን በየቀኑ ራሷ ታመጣ ጀመር። እኔ ሞኙ ፍቅር መስሎኝ ቀናሁ።

በቀን አንድ ምዕራፍ እየወጣ በሃያ አራተኛው ቀን አንድ ወረቀት ብቻ ቀረ። እሱም የምስጋና ገጹ ነው፤ ምዕራፍ ስላልሆነ ሕጉ አልነካውም። «ከሁሉ በላይ አርታኢዬን አመሰግናለሁ» ይላል። «እሱ ባይኖር ይህ መጽሐፍ ይህን መልክ ባልያዘ ነበር።»

ሚስስ ላዛር ወረቀቱን ገልብጣ አየችው።

«ሆራስ፣ መጽሐፉስ?»

«እጅሽ ላይ ነው። አንድ ትርፍ ቃል አውጪበት!»

ፈለገች፤ አላገኘችም፤ አላሳተመችምም። ስድሳኛው ልደት በኬክ ብቻ አለፈ። ሻማውን ሲያጠፉ ዓይናቸው እንባ አቅርሮ ነበር። እውነቴን ነው፣ ያን ቀን ማሾፍ አላማረኝም።

በዓመቱ ከመንገዱ ማዶ ያለ አሳታሚ የዊኒፍሬድ ፔልተንን የመጀመሪያ ልቦለድ አወጣ። ሃያ አራት ምዕራፍ፣ ከአሳማ እርባታው ጀምሮ! አገር ጉድ አለ። ሚስተር ፔልተን ወደ ጠበቃ ሮጡ።

«እነዚህ ገጾች ሁሉ ላይ ‹አያስፈልግም› ብለው የፈረሙት እርስዎ ነዎት?» አላቸው ጠበቃው፣ ዊኒፍሬድ የላከችለትን ገጾች እያገላበጠ።

«አዎ።»

«ታዲያ ለማያስፈልግዎት ነገር ምን ያከራክርዎታል?»

መጽሐፉ ተሸለመ። በሽልማቱ ግብዣ ላይ ሚስተር ፔልተን አጠገቤ ተቀምጠው «መጥፎ አይደለም፤ ምዕራፍ አንድ ግን መውጣት ነበረበት» እያሉ ዶሯቸውን ይቆርጣሉ። አንድ ጋዜጠኛ ተነሣ።

«ሚስስ ፔልተን፣ መጽሐፍዎ ምንም አልጎደለውም፤ የምስጋና ገጽ ብቻ የለውም። ለምን ይሆን?»

ዊኒፍሬድ ወደኛ ጠረጴዛ አየት አደረገችና ፈገግ አለች።

«ምስጋናውንማ ለባሌ ትቼለታለሁ።»