አውራ ጣት በሕግ ፊት

[ሕንድ፣ ፓትና ከተማ፣ የከፍተኛው ፍርድ ቤት ግቢ። የጥር ብርድ። ሃምሳ ሦስት ዓመቱ የሆነው ሃሪነንዳን ከኒም ዛፍ ሥር፣ በቀይ ጨርቅ በተቋጠረ የክስ መዝገቡ ላይ ተቀምጧል። ሃሪነንዳንን ቻቻ፣ አጎቴ፣ እያለ የሚጠራው ጎረቤቱ ብሪጅላል ሻሉን ተከናንቦ አጠገቡ አለ። በመካከላቸው የተቆላ ኦቾሎኒ።]

ሃሪነንዳን፦ አልፈለፍልልህም አልኩህ። ሰው በሠላሳ ስድስት ዓመቱ ኦቾሎኒ ይፈልፈልልኝ ይላል?

ብሪጅላል፦ እጄን ከሻሉ ሳወጣ ይበርደኛል እኮ፣ ቻቻ።

ሃሪነንዳን፦ እንዲህ ያለው ሰው ነው እንግዲህ የመስኖ ዘበኛ ልሁን ብሎ መንግሥትን የከሰሰ። ጎርፍ ሲመጣስ "ብርድ ነው፣ ነገ ና" ልትለው ነው?

ብሪጅላል፦ ያኔማ ደሞዝ አለኝ፣ ይሞቀኛል።

ሃሪነንዳን፦ በል ስማ። ስምህ ሲጠራ ምን ትላለህ?

ብሪጅላል፦ አቤት።

ሃሪነንዳን፦ ከአቤት በኋላ።

ብሪጅላል፦ እሁድ ሠላሳ ሰባት ይሞላኛል፣ ከዚያ በኋላ የመንግሥት ሥራ በሩ አይከፈትልኝም፤ ሚስቴም ወደ አባቷ ቤት ልትሄድ ዕቃዋን ሸክፋለች፣ ስለዚህ እባክዎ...

ሃሪነንዳን፦ ተው እንጂ። ልቅሶ ቤት መሰለህ? ልመና በሕግ አይታወቅም። ማመልከቻህ ለምን ተጣለ?

ብሪጅላል፦ የግራ አውራ ጣት አሻራ በሚለው ቦታ የቀኙን ስላተምኩ።

ሃሪነንዳን፦ እኔስ ምን ብዬ ጻፍኩልህ?

ብሪጅላል፦ አርባ አንድ ገጽ።

ሃሪነንዳን፦ ስንት ገጽ አላልኩህም፣ ምን ብዬ ነው ያልኩህ።

ብሪጅላል፦ ግራና ቀኝ አውራ ጣት በሕግ ፊት እኩል ናቸው። አንዱን ከአንዱ ማበላለጥ እንግሊዞች ጥለውት የሄዱት ክፉ ልማድ ነው። ከዚያ ወዲያ ያለውን አላውቅም፤ ሃያኛው ገጽ ላይ ታይፒስቱም አንቀላፍቶ ነበር።

ሃሪነንዳን፦ ከማን ጋር እንደተቀመጥክ አታውቅም አንተ። በዚህ ግቢ በራሴ ጉዳይ ሃያ ሁለት ዓመት ተሟግቻለሁ። ዳኞቹ ጡረታ ወጡ፣ እኔ አለሁ። ጠበቆቹ ጠዋት ሲገቡ መጀመሪያ ሰላም የሚሉት ማንን ነው?

ብሪጅላል፦ ሻይ ሻጩን።

ሃሪነንዳን፦ ከሻይ ሻጩ ቀጥሎ።

ብሪጅላል፦ ቻቻ፣ ስለ ጣቱ አንድ ነገር ልነግርዎት...

ሃሪነንዳን፦ ስለ ጣቱ የሚባለው ሁሉ ተብሏል።

ብሪጅላል፦ ባለፈው ወርም ልናገር ስል እንዲሁ አሉኝ። ከዚያ በፊት በነበረውም።

ሃሪነንዳን፦ ኧረ ተናገረውና ይውጣልህ።

ብሪጅላል፦ [ግራ እጁን ከሻሉ ያወጣል። ያሉት አራት ጣቶች ናቸው።] የግራው የለኝም።

ሃሪነንዳን፦ [ቆጥሮ፣ ደግሞ ይቆጥራል] የት ሄደ?

ብሪጅላል፦ የሸንኮራ መጭመቂያ በላው። በልጅነቴ።

ሃሪነንዳን፦ እና አርባ አንድ ገጽ ሲተየብ ቆመህ ታያለህ?

ብሪጅላል፦ እርስዎ ካላነሱት በሕግ የማያስፈልግ ነገር ነው ብዬ ነዋ።

ሃሪነንዳን፦ ሸፍነው። ቶሎ በል፣ ሰው ሳያይ።

ብሪጅላል፦ ምነው?

ሃሪነንዳን፦ ዳኛው ይህን ካዩ ነገሩ በሁለት ደቂቃ ያልቃል።

ብሪጅላል፦ ያልቃል ሲሉ፣ እረታለሁ?

ሃሪነንዳን፦ መርታቱንማ ትረታለህ። ግን በምን? በሌለ ጣት። የእኔ ክርክርስ? አገር ሁሉ የሚጠቀምበት ውሳኔ ሊገኝ ሲል አንተ እጅህን እያውለበለብክ ታበላሸዋለህ። ትንሽ ታገስ፣ ቢበዛ ስድስት ዓመት ነው።

ብሪጅላል፦ እሁድ ነው የምልዎት፣ ቻቻ።

[ከበረንዳው "ብሪጅላል ማህቶ" የሚል ጥሪ ይሰማል። ብሪጅላል ይገባል። ሃሪነንዳን በንዴት ኦቾሎኒ ይፈለፍላል፤ ሰባተኛውን ሳይጨርስ ብሪጅላል ተመልሶ ይመጣል።]

ሃሪነንዳን፦ ቀጠሮ ሰጡህ አይደል። ብዬህ ነበር።

ብሪጅላል፦ ቅዳሜ ሄደህ ሥራህን ተረከብ አሉኝ።

ሃሪነንዳን፦ የትኛውን ገጽ አነበቡ?

ብሪጅላል፦ አንዱንም። ዳኛው "የግራውን ለምን አላተምክም?" አሉኝ፣ አሳየኋቸው። ከዚያ የመንግሥትን ጠበቃ አዩት። እሱ መሬት መሬቱን አየ። በቃ።

ሃሪነንዳን፦ ይግባኝ እንላለን።

ብሪጅላል፦ ረትቼ?

ሃሪነንዳን፦ በማይረባ ምክንያት ነዋ የረታኸው።

ብሪጅላል፦ [የተፈለፈለውን ኦቾሎኒ እየበላ] የእርስዎን የሥራ ማመልከቻ ግን በምን ነበር የጣሉት? ጠይቄዎት አላውቅም።

ሃሪነንዳን፦ በፎቶ። የተነሳበት ቀን ይጻፍበት ይላል ማስታወቂያው። አልተጻፈበትም አሉ። ውሸታቸውን ነው፣ በገዛ እጄ ጽፌበታለሁ።

ብሪጅላል፦ የቱ ጋ?

ሃሪነንዳን፦ ከጀርባው።

ብሪጅላል፦ ከዚያስ?

ሃሪነንዳን፦ ከዚያማ ቅጹ ላይ በሙጫ ለጠፍኩት።

ብሪጅላል፦ በሃያ ሁለት ዓመት አንድ ሰው እንኳ ላጥ አድርጎ አላየውም?

ሃሪነንዳን፦ የመጀመሪያው ዳኛ ይላጥ ብለው ነበር። እኔ ነኝ የተቃወምኩት። የፎቶ ጀርባም እንደ ፊቱ ይቆጠራል የሚል ስልሳ ገጽ ክርክር አዘጋጅቼ፣ እንዴት ይላጣል?

ብሪጅላል፦ ያኔ ስንት ዓመትዎ ነበር?

ሃሪነንዳን፦ ሠላሳ አንድ።

[ብሪጅላል የቀረውን ኦቾሎኒ ወደ ሃሪነንዳን ይገፋል።]

ብሪጅላል፦ አሁንም አልመሸም እኮ ቻቻ። ጡረታ እስኪወጡ ሰባት ዓመት አለዎት። ገብተው ይላጥልኝ ይበሏቸው።

ሃሪነንዳን፦ [መዝገቡን ወደ ራሱ ይስባል] ተው ብሪጅላል፣ ከተላጠ እኮ ረታሁ ማለት ነው። ሃያ ሁለት ዓመት ያስጠበቀኝ ማን ነው ብለው ቢጠይቁኝ ማንን ልከስ ነው?