ለአሥራ ሁለት አባላት የሚበቃ እርሾ

በደባርቅ ከተማ፣ ስሙን መጥራት በማያስፈልግ አንድ ጽሕፈት ቤት ውስጥ፣ በ2005 ዓ.ም. የካቲት ወር ለሳይንስ የተዋለውን ታላቅ ውለታ ዓለም እስካሁን አለማወቁ ያሳዝናል። ውለታውን የዋሉት የጽሕፈት ቤቱ ኃላፊ አቶ መንግስቴ ናቸው። አቶ መንግስቴ ሳይንቲስት አልነበሩም። ይህ ግን አላገዳቸውም። መሐንዲስ ሳይሆኑ ድልድይ መርቀዋል፤ ሐኪም ሳይሆኑ ስለ ወባ ሦስት ሰዓት ተናግረዋል፤ ዘፈን ሳይችሉ የባህል ቡድን ዳኝተዋል።

ከሁሉም በላይ የሚወዱት ወንበራቸውን ነው። ከጎንደር በአውቶቡስ ጣሪያ ላይ ተጭኖ የመጣ፣ ቆዳ ለበስ፣ ተሽከርካሪ ወንበር ነው። ሲያስቡ ወደ መስኮቱ ያዞሩታል፤ አስበው ሲጨርሱ ወደ ጠረጴዛው ይመልሱታል። ባለጉዳዮች ወንበሩን በማየት ብቻ ሐሳቡ የት እንደደረሰ ያውቁ ነበር።

እንግዲህ ይህ ወንበር አደጋ ላይ ወደቀ። ያጋለጠውም ህዋሱ ነው። ህዋስ ማለት በዚያ ዘመን በየመሥሪያ ቤቱ ያሉ የድርጅት አባላት በየሳምንቱ ተሰብስበው የሚገማገሙበት ትንሹ ጉባኤ ነው። የአቶ መንግስቴ ህዋስ አሥራ ሁለት አባላት ነበሩት። አሥራ ሁለቱም ይመጣሉ፣ ይቀመጣሉ፣ ዓይናቸውን ይጨፍናሉ፤ «ጥያቄ ወይም አስተያየት?» ሲባል ዓይናቸውን ገልጠው «የለም» ይላሉ። ከበላይ አካል የመጣው ደብዳቤም ይህንኑ በሦስት ቃል አሳጠረው፤ «ህዋሱ እጅግ ቀዝቅዟል»።

አቶ መንግስቴ ቆራጥ ሰው ስለሆኑ በመጀመሪያ የደባርቅን ብርድ ተጠያቂ አድርገው አዳራሹ ውስጥ የከሰል ምድጃ አስገቡ። ህዋሱ ሞቀው። ስለሞቀውም ይበልጥ ተኛ። ቀጥሎ ሌላ ደብዳቤ መጣ፤ ዓርብ ዕለት ገምጋሚ ቡድን እንደሚመጣና ህዋሱ እንደቀዘቀዘ ከተገኘ ኃላፊው ከወንበሩ እንደሚነሳ በትሕትና ይገልጻል። ደብዳቤው የደረሰው ሰኞ ጠዋት ነው። ወንበሩ ቀኑን ሙሉ ወደ መስኮቱ ዞሮ ዋለ።

ከቀትር በኋላ ሰብሌ ገባች። ሰብሌ የደባርቅ ልጅ ናት፤ በዩኒቨርሲቲ በእንስሳት ጤና ሁለተኛ ዲግሪዋን ትሠራለች። የመጣችውም የምርምር ፈቃድ ለመጠየቅ ነበር። አቶ መንግስቴ ደብዳቤዋን እንደ ማንኛውም የበሰለ ኃላፊ አነበቡት፤ ጉዳዩን አዩ፣ ማኅተሙን አዩ፣ መሀሉን ለባለሙያ ተዉት። በጉዳዩ ላይ «የደከሙ ህዋሳትን በእርሾ ውጤት ማነቃቃትን ይመለከታል» የሚል ተጽፏል። ወንበሩ በአንድ ጊዜ ዞረ።

«ቁጭ በይ ልጄ። ይሄ ነገር ምንድን ነው?»

«ዛይሞሳን ይባላል፣ ጋሼ። ከእርሾ ነው የሚወጣው። የእርሾውን የውጭ ግድግዳ ለይተው ያዘጋጁታል።»

«ህዋሱንስ ያነቃዋል?»

«ያነቃዋል እንጂ! ለዚያ እኮ ነው ተመራማሪዎች የሚጠቀሙበት። በራሱ የሞተ ነገር ነው። ህዋሱ ግን ጠላት የመጣ ይመስለውና ብድግ ይላል።»

«ጠላት ሳይኖር?»

«ሳይኖር።»

አቶ መንግስቴ በረጅሙ ተነፈሱ። «በዚህስ እኛም ስንሠራበት ኖረናል። አሁን አሁን ግን አልይዝ አለን። እሺ፣ ብድግ ካለ በኋላስ?»

«መጀመሪያ ባዕድ አካል መሆኑን ያውቃል። ከዚያ ይከበዋል። ከዚያ ይውጠዋል።»

በሁለት ሳምንት ሥልጠና ያልተብራራላቸው ነገር በሦስት ቃል ሲብራራ አቶ መንግስቴ ማስታወሻ ደብተራቸውን አወጡና ጻፉ፤ ማወቅ፣ መክበብ፣ መዋጥ። ከሥሩም ሁለት ጊዜ አሰመሩበት።

«ስንት ህዋስ አለሽ?»

«በአንዲት ጠብታ ደም ውስጥ ሺዎች አሉ።»

«ሺዎች! እኔ በአንዱ ነው መከራዬን የማየው። ከየት ነው የምታገኛቸው?»

«ከበጎች ነው። ከቡይት ራስና ከዛሪማ በጎች። የደጋውና የቆላው ህዋስ እኩል ይነቃ እንደሆነ ላወዳድር ነው።»

አቶ መንግስቴ ፈገግ አሉ። «አባላቱን እንዲህ ብለሽ ባትጠሪያቸው ደግ ነው። ቢሆንም አልዋሸሽም።»

ሰብሌ ምን ማለታቸው እንደሆነ አልገባትም። ፈቃድ የሚፈልግ ሰው ደግሞ ያልገባውን አይጠይቅም፤ ከቦርሳዋ አንዲት ትንሽ ብልቃጥ አውጥታ አሳየቻቸው። ነጣ ያለ ዱቄት አለበት።

«ብልቃጡ እዚህ ይቆይ» አሉ አቶ መንግስቴ፤ «ኮሚቴ ያየዋል። ፈቃዱን ከዓርብ በኋላ እፈርምልሻለሁ።»

«ጋሼ፣ ያለችኝ እሷ ብቻ ናት! ሰባት ወር ጠብቄ ነው የመጣችልኝ። ቀዝቃዛ ቦታ ካልተቀመጠች...»

«ከዚህ ጽሕፈት ቤት የቀዘቀዘ ቦታ የት ይገኛል? በደብዳቤ ተረጋግጦልናል።»

የመዝገብ ቤት ኃላፊዋ ወይዘሮ ደብረወርቅ ተጠሩ። ወይዘሮ ደብረወርቅ በዚያ ቤት ሃያ ሁለት ዓመት ሠርተዋል፤ ሰባት ኃላፊ ተቀብለው ስድስት ሸኝተዋል። ብልቃጧን በሻይ ክበቡ ማቀዝቀዣ እንዲያስቀምጡ ታዘዙ። ተቀበሉ፣ ልታለቅስ የደረሰችውን ሰብሌን ክንዷን ይዘው ወጡ፣ ኮሪደሩ ላይ ጥቂት አንሾካሾኩ፤ ከዚያም ነጠላቸውን አጣፍተው ለግማሽ ሰዓት ወደ ገበያው ወረዱ። የት እንደነበሩ የጠየቃቸው የለም።

ማክሰኞ አንድ ዓብይ ኮሚቴና ሁለት ንዑሳን ኮሚቴዎች ተቋቋሙ። አንዱ የማሟሟት፣ ሁለተኛው የማጠጣት ንዑስ ኮሚቴ ነበር። ሦስቱንም አቶ መንግስቴ ብቻቸውን በሰብሳቢነትም በአባልነትም መሯቸው፤ ስለዚህ ምልዓተ ጉባኤ ያልተሟላበት ሰዓት አልነበረም። ሰው ምርምር ይጠጣ ወይ የሚለው ጥያቄ ተነስቶ፣ እርሾ በጠላም በዳቦም ሲገባ የኖረ ስለሆነ አዲስ ነገር እንዳልሆነ በሙሉ ድምፅ ተወሰነ።

ረቡዕ ጠዋት በሦስት ሰዓት ህዋሱ ተሰበሰበ። ጠረጴዛው ላይ ለብ ያለ ውሃ የሞላበት ትልቅ ጆግ ቀርቧል። ሳይንስ መራራ እንዳይሆንባቸው ስኳር ተጨምሮበታል። ወይዘሮ ደብረወርቅ ብልቃጧን አመጡ፤ አቶ መንግስቴ በክብር ገለበጧት፣ በማንኪያ አማሰሉ። ስለ ዕለቱ ታሪካዊነት ንግግር አድርገው ሲጨርሱ ጆጉ በአረፋ ተሞልቶ ጠረጴዛው ላይ መፍሰስ ጀምሮ ነበር።

«አያችሁ ጓዶች!» አሉ፤ «ገና ህዋስ ሳያገኝ እንዲህ ከሆነ፣ ህዋስ ሲያገኝማ!»

አሥራ ሁለቱም በየኩባያቸው ጠጡ። የታዘዘውን መጠጣት የለመዱት ነው። አቶ መንግስቴ አልጠጡም። መሪ አስቀድሞ የነቃ ስለሆነ ለእርሳቸው መስጠት ብክነት ይሆናል።

ከዚያ ሪፖርታቸውን ከፈቱ። አባላቱ እንደወትሮው ዓይናቸውን ጨፈኑ። ሃያ ደቂቃ፣ ሠላሳ ደቂቃ፣ አርባ ደቂቃ አለፈ። «...በበጀት ዓመቱ ዘጠኝ ምንጮች ጎልብተው ለኅብረተሰቡ አገልግሎት...» ላይ ሲደርሱ የአቶ ያርጋል ሆድ ጮኸ። አቶ ያርጋል ጡረታ የቀረባቸው፣ ለስድስት ዓመት በስብሰባ ላይ ከ«የለም» ሌላ ቃል ያልተነፈሱ ሰው ናቸው። ሆዳቸው የጮኸው ደግሞ ከበር እስከ መስኮት የሚሰማ ጩኸት ነው። ወዲያው የሌላው ሆድ መለሰለት፤ ሦስተኛው ተቀበለ። ሰዉ ዓይኑን ገለጠ። አንዱ ሳቀ፤ ከዚያ ሁሉም ሳቁ። በዚያ አዳራሽ ሳቅ ሲሰማ የመጀመሪያው ነበር።

አቶ መንግስቴ ደስታቸው ወሰን አጣ። «ተነቃቃችሁ! በሉ እስኪ፣ ጥያቄ ወይም አስተያየት?»

አቶ ያርጋል ጉሮሯቸውን ጠረጉ። ስንት ዓመት በሆዳቸው ይዘው የኖሩት ነገር ከአረፋው ጋር ወደ ላይ የመጣ ይመስላል። «ምንጮቹ ስንት ናቸው አልህ?»

አቶ ያርጋል በዕድሜ አሥር ዓመት ቢበልጧቸውም፣ ከወንበሩ የተነሳ ስድስት ዓመት ሙሉ «እርስዎ» ሲሉ ነው የኖሩት።

«ዘ... ዘጠኝ።»

«እኔ ሁለት ነው የማውቀው። ሰባቱን አንተ የምታውቃቸው እንደሆን፣ በል ምራንና እንቅዳ።»

«በሪፖርቱ ላይ በዝርዝር...»

«ከሪፖርቱ ውሃ አይቀዳም።»

ወይዘሮ አበባየሁ ተነሱ። በስታቲስቲክስ ክፍል የሚሠሩ፣ ድምፃቸው የማይሰማ ሴት ናቸው። «እኔም አለኝ! ያለፉት ስምንት ቃለ ጉባኤዎች አንድ ናቸው፤ የሚለወጠው ቀኑ ብቻ ነው። በስምንቱም ላይ ‹ወይዘሮ አበባየሁ ሐሳቡን በሙሉ ልብ ደግፈዋል› ይላል። በሦስቱ እኮ እኔ የወሊድ ፈቃድ ላይ ነበርኩ!»

ከዚህ በኋላ ማን ምን እንዳለ ለመለየት አስቸጋሪ ነው። ወንበሩም ተነሳ፣ የከሰል ምድጃውም ተነሳ፣ ሳይሠራ የተመረቀው ድልድይም ተነሳ። ሲናገሩ መራቁ ስላላመቻቸው ከየአግዳሚያቸው እየተነሱ ወደ ጠረጴዛው ተጠጉ፤ በግራም በቀኝም፣ በኋላም ቆሙ። አቶ መንግስቴ በላብ ተጠምቀው ማስታወሻ ደብተራቸውን ተመለከቱ። ማወቅ፣ መክበብ፣ መዋጥ። ማወቁ አልፏል፤ አሁን መክበቡ ላይ ናቸው። ባዕዱ አካል ማን እንደሆነ ለመጀመሪያ ጊዜ ገባቸው፤ ፈሩም።

ዓርብ ዕለት የመጣው ገምጋሚ ቡድን የህዋሱን ጩኸት ገና ከግቢው በር ሰማ። በሪፖርቱም «እንዲህ ያለ ሕያው ህዋስ አላጋጠመንም» ብሎ ሞዴል ህዋስ ሲል ሰየመው። ህዋሱ ሞዴል የሆነው ኃላፊውን በአንድ ድምፅ በማውረዱ ስለሆነ፣ ኃላፊውን መልሶ ማስቀመጥ ሞዴሉን ማበላሸት ይሆን ነበር። አቶ መንግስቴ በተራ ባለሙያነት ወደ ዛሪማ ተዛወሩ። አንቱታው ከወንበሩ ጋር ቢሮው ውስጥ ስለቀረ፣ ከዚህ በኋላ እኛም መንግስቴ እንለዋለን።

መንግስቴ ሰኞ ዕቃውን በካርቶን ሰብስቦ ሲወጣ ሰብሌን መዝገብ ቤት በር ላይ አገኛት። ፈቃዷ ተፈርሞላታል። በዚህኛው ደብዳቤ ጉዳዩ ላይ፣ በወይዘሮ ደብረወርቅ ምክር፣ «በግን ይመለከታል» ብቻ ብላ ስለጻፈች ማንም አልተጠራጠራትም። በእጇ በረዶ የተጠቀጠቀበት ሣጥን ይዛለች፤ ውስጡ ያቺው ብልቃጥ እስከ አንገቷ ሙሉ ሆና ተቀምጣለች።

መንግስቴ ካርቶኑን መሬት አስቀመጠ። «ይሄ... አልተጠጣም እንዴ?»

ሰብሌ አቀረቀረች። የመለሱለት ወይዘሮ ደብረወርቅ ናቸው፣ ዓይናቸውን ከመዝገቡ ሳያነሱ። «ያጠጣሃቸው በሌላ ብልቃጥ ያመጣሁልህን የጀላል ዳቦ ቤት እርሾ ነው። የልጅቷን የሰባት ወር ልፋት በአንተ ጆግ ላይ ላፈስሰው ነበር?»

«ታዲያ ህዋሱን ምን አነቃው?»

«መቼ ተኛና!» አሉ ወይዘሮ ደብረወርቅ። «ዓይኑን ጨፍኖ ይሰማህ ነበር እንጂ።»

መንግስቴ አፈረ። ስድስት ዓመት ሙሉ፣ አንድም ሳይቀር፣ ሁሉንም ሰምተውታል ማለት ነው። ከወንበሩ መነሳት እንኳ እንዲህ አላሳመመውም። ካርቶኑን አንስቶ ወደ በሩ ሄደ። በሩ ላይ ገና ሙጫው ያልደረቀ ማስታወቂያ ተለጥፏል፤ የአዲሱ ኃላፊ የመጀመሪያ ሥራ ነው። አዲሱ ኃላፊ፣ ያው በአንድ ድምፅ የተመረጡት፣ አቶ ያርጋል ናቸው።

«ጉዳዩ፦ እርሾን ይመለከታል። ባለፈው ረቡዕ የታየው ዓይነት መነቃቃት ዓላማውን ያሳካ ስለሆነና ዳግም የማያስፈልግ ሆኖ ስለተገኘ፣ ከዛሬ ጀምሮ በስብሰባ ዕለት በሻይ ክበቡ ቂጣ ብቻ እንዲቀርብና እርሾ የገባበት ማንኛውም ነገር እንዳይቀርብ በጥብቅ እናሳስባለን። ግልባጭ፦ አሥራ አንዱን የጎለበቱ ምንጮች ለሚከታተለው ክፍል።»

መንግስቴ ሁለት ጊዜ አነበበው። ቀና ሲል በመስኮቱ በኩል ወንበሩን አየው፤ ወደ እርሱ ዞሯል። አቶ ያርጋል እያሰቡ ነበር።

የዛሪማ አውቶቡስ እስኪሞላ ጊዜ ስለነበረው መናኸሪያው አጠገብ ወዳለው የጀላል ዳቦ ቤት ጎራ አለ። ጀላል ክንዱ ድረስ ዱቄት ለብሶ ወጣ፤ ወሬውን ስላልሰማ እንደ ድሮው ጎንበስ ብሎ «እንኳን ደህና መጡ፣ አቶ መንግስቴ» አለው። በዚያን ቀን አንቱ ያለው እርሱ ብቻ ነበር።

«ጀላል፣ እርሾ አለህ?»

«ሞልቶ! ለስንት ሰው ይሁንልዎ?»

መንግስቴ የዛሪማን ህዋስ አባላት በጣቱ ቆጠረ። በመጨረሻ ራሱንም ጨመረ። «ለአሥራ ሁለት። ወደ ዛሪማ የምወስደው ነው።»

«አልሐምዱሊላህ! ዛሪማ ዳቦ ቤት ሊከፍቱ ነው?»

«አይ» አለ መንግስቴ፣ እሽጉን በደረት ኪሱ እየከተተ፤ «ሐሙስ ስብሰባ አለን።»