ሽማግሌዎቹ ሲመጡ ሶፋው ደረጃ ላይ ነበር

ድምፅ አልባ የድሮ ፊልም አይቶ የሚስቅ ጎልማሳ ወይ ሥራ ፈት ነው፣ ወይ እህታችሁን ሊያገባ ይፈልጋል!

የእኔን እህት ሰላምን የሚፈልጋት ሄኖክ ይባላል። ባለፈው ሰሞን ሁለታችንንም ሚኒያፖሊስ ውስጥ አጫጭር የድሮ ፊልሞች በፒያኖ ታጅበው ወደሚታዩበት አዳራሽ ወሰደን። ሁለት ጅሎች፣ አንዱ ወፍራም አንዱ ቀጭን፣ መሰላል ተሸክመው ሃያ ደቂቃ ሙሉ ይፈነካከታሉ። በቃ! ይኸው ነው! ሄኖክ ግን እንባው እስኪወርድ ሳቀ።

"ሁለት ሰው አንድ መሰላል መሸከም ቢያቅተው ምኑ ያስቃል?" አልኩት።

"ጋሼ፣ ሪላክስ ያድርጉ እንጂ!"

ለዚህ ነው እህቴን የምሰጠው? ሞቼ ነው ቆሜ!

ወላጆቻችን አገር ቤት ስለሆኑ ሄኖክ የሚልካቸውን ሽማግሌዎች የምቀበለው እኔ ነኝ። ዕቅዴ በክብር ተቀብሎ በክብር እምቢ ማለት ነበር። ለክብሩ ደግሞ ሶፋ ያስፈልጋል። ስለዚህ በቀጠሮው ዕለት ከጓደኛዬ ከጌታሁን ጋር ያገለገለ ሶፋ ይዘን፣ ኮሎምቢያ ሃይትስ ወዳለው ሦስተኛ ፎቅ ቤቴ መውጣት ጀመርን። ሊፍት የለም። እሱ ከላይ፣ እኔ ከታች።

"ወደ ራይት አድርገው!"

"የማን ራይት?"

"ያንተ ነዋ! ፑሽ አድርግ!"

ሁለተኛው ፎቅ ላይ ተቀርቅረን ስንሰዳደብ ሦስት ሽማግሌዎች ከታች ብቅ አሉ። አበሻ ቀድሞ የሚመጣው እንዲህ ሲሆን ነው!

ጌታሁን አስተዳደጉ ጥሩ ነው። ትልቅ ሰው ሲያይ ዝቅ ብሎ እጅ ይነሣል... በሁለት እጁ! ሶፋው የት እንደሄደ ልንገራችሁ? የደረጃው መታጠፊያ ላይ በጀርባዬ ተዘረርኩ፣ ሶፋውም በአራት እግሩ ቆሞ ከወገቤ በታች ተጫነኝ።

"ጤና ይስጥልኝ አባቶቼ... እባካችሁ፣ ይህን ነገር አንሡልኝ!"

ትልቁ ሽማግሌ ከዘራቸውን ተደግፈው "ልጄ፣ የመጣንበት ጉዳይ መልስ ሳያገኝ አንቀመጥም፤ ሌላ ነገርም አንነካም" አሉ።

"አባቴ፣ እግሬ!"

"ይደርሳል። መጀመሪያ የልጅቷ ነገር።"

ጌታሁን አሁንም እንዳቀረቀረ ነው። ሰላም ከላይ ሆና በሳቅ ትንፈራፈራለች። ስንት ቀን ያጠናሁት እምቢታ ጉልበቴ ሲቆረጥመኝ ጠፋብኝ።

"ሰጥቻለሁ! ለሄኖክ ሰጥቻለሁ!"

"እሰየው!" አሉ ሽማግሌዎቹ። መረቁኝ። መልስ ያገኘ ሽማግሌ ደግሞ መቀመጥ ይፈቀድለታል... ሦስቱም ነጠላቸውን ሰብሰብ አድርገው ሶፋው ላይ ቁጭ አሉ!