የኖራ ጠላት ወይዘሮ ካሳነሽ

በየሰፈሩ አንድ የሱቅ ዕቃ ጠላት አለ። ሳሙና ገዝታችሁ ስትመለሱ መንገድ ላይ ያገኛችኋል፤ ፌስታላችሁን ገልጦ ያያል፤ ከዚያም ሰው እንደሞተባችሁ ከንፈሩን ይመጥላችኋል። ለእሱ ሱቅ ማለት ጓሮ የሌለው ሰው መጽናኛ ነው። ከቡሬ እስከ ፍኖተ ሰላም እንዲህ ዓይነት ሰው የሌለበት ሰፈር አላየሁም። የለንም የሚሉ ካሉ ፌስታላቸው ገና ስላልተፈተሸ ነው።

የእኛ ሰፈሩ ክብርት ወይዘሮ ካሳነሽ ናቸው፤ የሎሚ ሊቀ ጠበብት፣ የአመድ እመቤት። ከእኛ ጋር አጥር ይጋራሉ። ይጋራሉ ማለቴ ለወጉ ነው እንጂ እሳቸው ለአጥር ደንታ የላቸውም።

ወደ ቤቴ ያመጣቸው የመታጠቢያ ቤታችን ኖራ ነው። የግቢያችን የጉድጓድ ውሃ ለመጠጥ ይጣፍጣል፤ ነገር ግን የነካውን ሁሉ ነጭ ቅርፊት ያለብሳል። ቧንቧው ነጣ፣ ግድግዳው ነጣ፣ የሻወሩ ቀዳዳዎች አንድ በአንድ ተደፍነው ውሃው እንደ ስስታም ጠላ ቀጂ ጠብ ጠብ ይል ጀመር። ለሌላ ቤት ይህ ተራ ነገር ነው። ባለቤቴ ንግሥቴ ግን አስም አለባት፤ ደረቷ ሲያፍናት የሚያቀልላት የሙቅ ውሃ እንፋሎት ነው። ኖራ ያስለቅቃል ተብሎ ከሱቅ የገዛሁት አሲድ ደግሞ ገና ክዳኑ ሲከፈት ትንፋሿን ዘግቶ ጤና ጣቢያ አሳደረን። እንግዲህ ሻወሩ ካልጸዳ እንፋሎት የለም፤ በሱቁ ከጸዳ ትንፋሽ የለም።

ከጤና ጣቢያ በተመለስን በማግስቱ ወይዘሮ ካሳነሽ ሳያንኳኩ ገቡና ጠርሙሱን አነሡት።

«ወንድምዓለም፣ ይኼን ትቀምሰዋለህ?»

«ኧረ እትዬ ካሳነሽ፣ መርዝ እኮ ነው!»

«እንግዲያ ሰው በሚተነፍስበት ቤት ምን ይሠራል?»

ጠርሙሱን በነጠላቸው ጫፍ ይዘው ለባለሱቁ ለገደፋው መለሱለት። ገደፋው ከዚያ ወዲህ እሳቸው ሲያልፉ መደርደሪያውን በመጋረጃ ይሸፍናል ይባላል።

«ያልተቀመሰ ነገር ቤት አያጸዳም!» የሚለውን አዋጃቸውን ያወጁት ያን ቀን ነው። ቀልድ እንዳይመስላችሁ። የሚበጠብጡትን ሁሉ ጣታቸውን ነክረው ይቀምሳሉ፤ አንድ ዓይናቸውን ጨፍነው ጣሪያ ጣሪያ ያያሉ፤ ከዚያ «ጨው ይቀረዋል» ይላሉ። ወጥ እየሠሩ ይሁን መታጠቢያ ቤት እያጠቡ፣ አጠገባቸው ሆኖም መለየት ያስቸግራል።

በመጀመሪያ የዘመተው አመድ ነበር። ሎሚ ሲጨመርበት ሽሽሽ ብሎ ገነፈለ፤ ወይዘሮ ካሳነሽም እልል አሉ። ግርግሩ ሲያበቃ መታጠቢያ ቤቱ የከሰል መጋዘን መስሏል። «ታዲያ አሁን ኖራው የታል?» አሉኝ በኩራት። እውነትም አይታይም ነበር። ጥቀርሻውን ስፈትግ ዋልኩ፤ ማታ ላይ ኖራው ከሥር እንዴት ዋላችሁ እንደሚል ሁሉ ብቅ አለ።

ቀጥሎ ሎሚ ለብቻው ዘመተ። የጓሯችን ዛፍ ተራቆተ፤ የጎረቤትም ተከተለ። ቧንቧዎቻችን ሁሉ ግማሽ ግማሽ ሎሚ ደፍተው ሰነበቱ። ከቡሬ ሊጠይቀን የመጣ ዘመዳችን እጁን ሊታጠብ ገብቶ ሲወጣ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብሎ «ምነው፣ መተት አለባችሁ እንዴ?» አለኝ። ይሁን እንጂ እውነት እውነት ነው፤ ቧንቧዎቹ አበሩ። የሻወሩ ራስ ብቻ አልበገር አለ።

«የቆየ የሚለቀው በቆየ ነው» አሉና ወይዘሮ ካሳነሽ የኮመጠጠ ጠላ አመጡ። ከየት እንዳመጡት አልተናገሩም፤ በእኛ አገር ጠላዬ ኮመጠጠ የምትል ሴት ገና አልተወለደችም። አጥልለው፣ ሎሚ ጨምቀውበት፣ ጄሪካን ሞልተው «ይረፍ» ብለው ጓዳችን ጥግ አስቀመጡት።

የሚካኤል ማኅበር ተራ የደረሰን በዚያው ሳምንት ነው። ጎረቤታችን ወንዳወቅ ላስተናግድ ብሎ ተነሣ፤ ጓዳ ገብቶ ከተደረደሩት ጄሪካኖች አንዱን አንሥቶ ይቀዳ ጀመር። መምሬ ሀብተሚካኤል ባርከው ቀመሱ። ዓይናቸው ጠበበ።

«እህ… ኃይል አለው» አሉ።

«ጠንከር ያለ ነው» አሉ አጠገባቸው የተቀመጡት ሽማግሌ።

«እንዲያው አፍ ያጥባል» አለ ሦስተኛው።

በማኅበር ቤት የሰው ጠላ አይነቀፍም። ስለዚህ ሁሉም ፊቱን እየቋጠረ አመሰገነ፤ ወንዳወቅም የወደዱት መስሎት ደገማቸው።

ወይዘሮ ካሳነሽ ወጥ ይዘው ሲገቡ ዓይናቸው ጄሪካኑ ላይ ዐረፈ።

«ውይ በሞትኩት! አባቶቼ፣ የጠጣችሁት የሻወር ማጽጃ ነው!»

እኔ ክው አልኩ። ወይዘሮ ካሳነሽ ግን አንድ ብርጭቆ ቀድተው፣ ቆመው፣ ጭልጥ አደረጉት። «ጠላና ሎሚ ነው፤ ሌላ ነገር የለበትም» አሉ። ያ የሱቅ ጠርሙስ ከጓዳዬ በመውጣቱ እንደዚያን ቀን አምላኬን አመስግኜ አላውቅም።

መምሬ ጺማቸውን ጠረጉ። «እንግዲያስ ደግ ነው። በየወሩ ስንበላ ስንጠጣ እኛም ቅርፊት ሳናበጅ አልቀረንም» አሉ። ሳቁ ግቢውን አናጋው። ሳቁ ሲበርድ ንግሥቴ ስለ ደረቷና ስለ እንፋሎቱ ነገረቻቸው፤ የጠጡት ለእሷ የተዘጋጀ እንደነበር ሲሰሙ ማኅበርተኞቹ አቀረቀሩ።

በማግስቱ በራችን መንኳኳት ጀመረ። የማኅበርተኞቹ ሚስቶች አንዷ በጠርሙስ፣ አንዷ በማሰሮ፣ አንዷ በጄሪካን የኮመጠጠ ጠላ ይዘው መጡ። ታዲያ የራሷ መሆኑን ያመነች የለችም። «የጎረቤት ነው» አለች አንዷ። «ከገበዝ ማርያም ከዘመድ የተላከ ነው» አለች ሌላዋ። መንገድ ላይ አገኘሁት ያለችም ነበረች። ወይዘሮ ካሳነሽ ሁሉንም ተራ በተራ ቀመሱ እንጂ የማን ነው ብለው አልጠየቁም።

ጠላውን ፌስታል ውስጥ ሞልተን የሻወሩን ራስ ነከርንበትና በገመድ አሰርነው። አደረ። ጠዋት ስንፈታው ቅርፊቱ እንደ ደረቅ ጭቃ እየተላላጠ ወረደ፤ ውሃውም ተለቀቀ። ንግሥቴ ፎጣዋን ይዛ ገባች።

እኔ ቁርስ ልገዛ ወጥቼ ስመለስ ወይዘሮ ካሳነሽ መታጠቢያ ቤቱ በር ላይ በርጩማ ስበው ተቀምጠዋል፤ ጆሯቸው ሳንቃው ላይ ተለጥፏል።

«እትዬ ካሳነሽ፣ ውሃው እንዴት ነው?»

«ዝም በል ወዲያ! የምን ውሃ? ትንፋሿን እየሰማሁ ነው» አሉኝ በሹክሹክታ። «ሌሊት ሌሊት ስታስል በአጥሩ በኩል እሰማታለሁ እኮ። እሷ ሳትተኛ እኔ ተኝቼ አላውቅም።»

እኒህን ሴት እንደምወዳቸው አውቅ ነበር፤ ይህን ያህል መሆኑን ግን አላወቅሁም። ሌላ በርጩማ ስቤ አጠገባቸው ተቀመጥኩ። ንግሥቴ ከውስጥ አየሩን በረጅሙ ሳበችና አስወጣች፤ ደግማም ሳበች፤ ከዚያ ታንጎራጉር ጀመር።

ወይዘሮ ካሳነሽ በነጠላቸው ጫፍ ዓይናቸውን ጠረጉ።

«ሎሚው ነው» አሉኝ።